ያልተቆረጠው ዝምታ

ፀጉር ሠሪዋ በሬዲዮ ጣቢያው ማይክሮፎን ፊት ተቀምጣ ስለ ሕመሟ እየተናገረች ነበር።

«የሚጥል በሽታ ይሉታል። እኔን ግን አይጥለኝም፤ ይወስደኛል። አንድ ቀን የደንበኛ ፀጉር ይዤ፣ መቀሴ አየር ላይ...»

እዚያ ላይ ቆመች። ዓይኗ እንደተከፈተ፣ ከንፈሯ ሳይገጥም፣ የለችም።

ከመስታወቱ ወዲያ ድምፅ የሚቀዳው ወጣት እጁ ማሽኑ ላይ ደረቀ። ማዳመጫው ውስጥ ትንፋሿ ብቻ ይመጣል፣ ይሄዳል። ባለቤቱ መብራት ሳያጠፋ የወጣበት ቤት ደጃፍ ላይ የቆመ መሰለው።

«...ቆሞ ቀረ» አለች፣ ምንም እንዳልሆነ ሁሉ። «ደንበኛዬ በግማሽ የተቆረጠ ፀጉሯን ይዛ ሮጣ ወጣች። አሠሪዬም በማግስቱ አሰናበተችኝ።»

ቀረጻው ሲያልቅ ፊቱን አየችና ገባት።

«ሄጄ ነበር እንዴ?»

«ትንሽ።»

«እንዳትቆርጠው! ሰው የሚያውቀኝ በሐሜት ነው፤ እስቲ ራሴን ይስማኝ።» ፈገግ አለች። «ደግሞ መቁረጥ የእኔ ሙያ ነው፣ አትቀማኝ።»

ከዚያን ቀን ወዲህ ዝምታዋ ተከተለው። አውቶቡስ ውስጥ፣ ምሳ ላይ፣ ሰው ወሬውን ገታ ባደረገ ቁጥር ትንፋሿ ጆሮው ውስጥ ይመጣል። ቅጂውን እየከፈተ ቃሏን ሳይሆን ዝምታዋን ያዳምጣል። በየሰበቡ ይደውልላት ጀመር።

«ዛሬ ደግሞ ምን ጎደለ?»

«ድምፅሽን ላስተካክል ብዬ...»

«በስልክ?»

ሁለቱም ሳቁ። ከሳቁ በኋላ ዝም ስትል ልቡ ቀጥ አለች።

«አለሁ፣ አትደንግጥ» አለችው ቀስ ብላ።

ፕሮግራሙ ሊተላለፍ ሲቃረብ እናቷ ጣቢያው ድረስ መጡ።

«ልጄ፣ በእናትህ፣ ያቺን ዝም ያለችባትን አውጣልኝ። አገር ምድሩ ከሰማ ማን ያገባታል?»

«እኔ» ሊል ነበር። ቃሉ ጉሮሮው ላይ ተሰነቀረ።

«እማማ፣ እሷ አትንካው ብላኛለች» ብቻ አለ።

«ተወኝ ብትልህስ ትተዋታለህ? ሁሉም አይቷት እንደሸሸ ነው» ብለው ወጡ።

አልነካውም። ፕሮግራሙ በሚተላለፍበት ቀን ልጅቷ ቤታቸው ጠራችው። እናቷ ሶፋው ላይ ከሁለቱ መሀል ገብተው ተቀመጡ፤ ቀና ብለውም አላዩት።

«...መቀሴ አየር ላይ...» አለ ሬዲዮው። ክፍሉ በትንፋሽ ተሞላ።

እናትየው ወደ ሬዲዮው ጎንበስ አሉ። ለራሳቸውም ሳይታወቃቸው፣ «አለሁ የኔ ሆድ፣ አለሁ። ቀስ ብለሽ ነይ፤ እዚሁ ነኝ» ይሉ ጀመር። ድምፁ እስኪመለስ አላቋረጡም።

ልጅቷ አፏን በእጇ ያዘች።

«እማዬ፣ ስሄድ ሁልጊዜ እንዲህ ትይኛለሽ?»

«ታዲያ ብቻሽን ልተውሽ?»

«እኔ እኮ እዚያ ማንም የማይጠራኝ ይመስለኝ ነበር።» እንባዋን ጠረገችና ወደ ወጣቱ ዞረች። «አንተስ? ያን ቀን በመስታወቱ ስታየኝ ምን...»

ዓይኗ ቆመ። ሬዲዮው ውስጥ እያወራች፣ ሶፋው ላይ የለችም።

ወጣቱ በእናትየው ጉልበት ላይ እጁን አሻግሮ እጇን ያዘ። ጉሮሮው ላይ የከረመውን ሁሉ፣ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ ሳይቸኩል ነገራት።

ስትመለስ እጇ እጁ ውስጥ ነበር። እናቷ ያለቅሳሉ።

«እማዬ፣ ምን አለኝ?»

«ራሱ ይንገርሽ» አሉና፣ ከመሀላቸው ተነሡ።