የነቀሉትን ማን መልሶ ተከለው?

ሽማግሌው በገዛ ማሳቸው ላይ፣ በተደረደሩ የማንጎ ችግኞች መካከል በግንባራቸው ተደፍተው ተገኙ። ማጅራታቸው በአካፋ ተመትቷል። ቀኝ እጃቸው የጥቁር ላስቲክ ቁራጭ እንደጨበጠ ደርቋል። ሬሳው ሳይነሳ ባለሱቁ አማቻቸው ከፖሊሱ ጋር ስለ ካሳ ያወራ ነበር። መርማሪዋ ይህን ስትሰማ ፊቷን አጨማደደች። ባልደረቦቿ ሁሉን አበጥራ ስለምትለይ «ወንፊት» ይሏታል።

መንግሥት ለገበሬዎች መርቶት የነበረውን መሬት ለመጋዘን ብሎ መልሶ ሊወስደው ነው። ካሳው የሚታሰበው ለአፈሩ ሳይሆን በላዩ ላይ ለበቀለው ነው። ስለዚህ ትናንት ባዶ የነበረው ማሳ ሁሉ ዛሬ የፍራፍሬ ቦታ ሆኗል። እፍረት የሚባል ነገር ከሰፈሩ ከጠፋ ሰንብቷል።

የሟች ልጅ በካቴና ታስሮ አጥር ሥር ተቀምጧል። አካፋው የእሱ ነው፤ ከአባቱ ጋር ሲጨቃጨቅም ጎረቤት ሰምቷል።

«የኔ እመቤት፣ ልጄ አልገደለም» አሉ እናቱ የመርማሪዋን እጅ ይዘው። «ባሌን ቀብሬ ልጄን ለእስር ሰጥቼ በምን አንጀቴ እኖራለሁ?»

«አይዞዎት እማማ፣ ሳላጣራ አልፈርድበትም።»

መርማሪዋ ቁጢጥ ብላ አንዱን ችግኝ ሳብ አደረገችው። ከፈላበት ጥቁር ላስቲክ ጋር ወጣ።

ፖሊሱ ሳቀ። «ይሄማ የአማችየው ሥራ ነው። ባለሱቅ ስለ ተከላ ምን ያውቃል?»

«እኔ ችግኝ ነክቼም አላውቅም!» አለ አማችየው።

መርማሪዋ ጭቃ የተለቀለቀውን ግንድ በአውራ ጣቷ ጠረገች። ቀይ የቀለም ነጥብ ብቅ አለ። ከሬሳው አጠገብ ያለውን ሌላ ችግኝ ስትስብ ደግሞ ላስቲኩ ተቀዷል። ከሟች እጅ የተገኘውን ቁራጭ አስጠግታ አየችው፤ ልክክ አለ። ሁለቱንም መልሳ አፈር አለበሰቻቸውና ካሳ ገማቹን አስጠራች።

ገማቹ ጫማውን አስወልውሎ መጣ።

«ይህን ማሳ ረግጠውት ያውቃሉ?»

«ኧረ በጭራሽ! ቀጠሮዬ ለነገ ነው።»

«ሲቆጥሩ እንዴት ነው የሚለዩት?»

«ሁለቴ እንዳይቆጠር ግንዱን ቀይ ቀለም ነካ እናደርገዋለን።»

«እነዚህን ለምርመራ ልነቅላቸው ነበር። ይደርቁ ይሆን?»

«ላስቲካቸው እስካልተቀደደ ድረስ ምን ይሆናሉ?»

መርማሪዋ ሰዎቹን ሁሉ ሬሳው አጠገብ ሰበሰበቻቸው።

«ፖሊሱ ላስቲኩን የተወው የማያውቅ ሰው ነው ብሏል። እኔም መጀመሪያ እንደዚያ መስሎኝ ነበር። ግን ቀለሙን አየሁ። እዚህ ማንም ገና አልቆጠረም፤ ችግኞቹ ግን ተቆጥረዋል። ሌላ ሰው ማሳ ላይ ነዋ! ቀለሙን በጭቃ ሸፍነው እዚህ አመጧቸው። ላስቲኩ ያልወለቀው ከቆጠራው በኋላ ተነቅለው ለሌላው ስለሚከራዩ ነው። ሽማግሌው ይህን ሲያውቁ መንቀል ጀመሩ። የመጀመሪያውን እንደነቀሉ ተመቱ። ያ ችግኝ ግን ይኸው፣ ላስቲኩ እንደተቀደደ ተመልሶ ተተክሏል። ሰው ገድሎ፣ ሬሳው አጠገብ ተንበርክኮ ችግኝ የሚተክል ማን ነው? የችግኞቹ ባለንብረት ነው።»

ወደ ገማቹ ዞረች።

«የተተከለ ችግኝ ላስቲክ የለውም። የእነዚህን ላስቲክ ደግሞ አፈር ሸፍኖታል። ማሳውን ረግጠው ካላወቁ ላስቲክ እንዳላቸው ማን ነገረዎት?»

ገማቹ ግራ ቀኙን አየ። «ሽማግሌው ለቢሮው እናገራለሁ አለኝ!» ብሎ ጮኸ። «ጉሮሮዬን ሊዘጋብኝ እኮ ነው!»

የሚያዝንለት ሰው የሚፈልግ ይመስል ነበር። ፖሊሱ ይዞት ሲሄድ መርማሪዋ ወደ ልጁ ጠጋ አለች።

«አንተ ከአባትህ ጋር የተጨቃጨቅከው በእነዚህ ችግኞች ነው፤ ማን እንዳመጣቸውም ታውቅ ነበር። አባትህ ተገድለው፣ አንተም ታስረህ ለምን ዝም አልክ?»

ልጁ የታሰሩ እጆቹን ዘረጋላት። ካቴናውን ፈታችለት። እናቱ እያለቀሱ ሊያቅፉት እጃቸውን ሲዘረጉ እሱ በትከሻቸው ላይ አሻግሮ ማሳውን ይቃኝ ነበር።

«ታዲያ ሌላ ገማች ይላክልናል?» አለ። «ችግኞቹ ይቆጠሩልናል አይደል?»

እናቱ የዘረጉትን እጅ ሰበሰቡ።

«የኔ እመቤት» አሉ ወደ መርማሪዋ ዞረው፣ «ካቴናውን መልሺለት።»