የአሥራ አንድ ወሩ ጠርሙስ

ጠርሙሱን ከፍሪጁ አናት ላይ ስታነሳው አቧራው ውስጥ አንዲት ንጹህ ክብ ቀረች። ምላጭ ወንበሩ ላይ እንደቆመች ክቧን አየቻት፤ አየቻትና ተወቻት።

«አገኘሽ?» አለች ጓደኛዋ ጉንጮ። ስልኩ የዱቄት ከረጢቱን ተደግፎ ቆሟል።

«አገኘሁ።»

«በቃ፣ ተገላገልሽ! እርሾ ምናምን እርሺው። ሦስት ኩባያ ዱቄት፣ ሦስት የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር፣ ትንሽ ስኳር፣ ቁንጥር ጨው። ቢራውን ገልብጪበት። ማሸት የለም፣ ኩፍ እስኪል መጠበቅ የለም። አክስቴ ሁሌ እንደዚህ ነው የምትሠራው።»

ምላጭ የሚለውን ስም ያወጡላት የክፍሏ ልጆች ናቸው፤ ምላሷ ሳያደማ አይመለስም ብለው። ያው ምላስ ነው ጉድ የሠራት። ትናንት ስለ አስተማሪያቸው ስንብት ሲነጋገሩ፣ «እናንተ የሱቅ ብስኩታችሁን ይዛችሁ ኑ፤ እኔ በእጄ የጋገርኩትን ዳቦ አመጣለሁ» ብላ በሠላሳ ስምንት ተማሪ ፊት ፎክራለች። ጠዋት ያቦካችው ሊጥ ግን እርሾው ከርሞ ኖሮ እንደ ጭቃ ተኝቶ ቀረ። ስንብቱ ስምንት ሰዓት ላይ ነው። አሁን አምስት ሰዓት አልፏል። ባዶ እጇን ብትሄድ ክፍሉ በሙሉ ዓመቱን ሙሉ ሙድ ሲይዝባት ይከርማል።

ቤቱ ውስጥ ያለው ቢራ ደግሞ ያ አንድ ጠርሙስ ብቻ ነበር። የማን እንደሆነ፣ ለምን እዚያ እንደተቀመጠም አሳምራ ታውቃለች።

የመካኒኩ ነው። የእናቷን ባል እንዲያ ነው የምትጠራው፤ «እንጀራ አባቴ» ለማለት እንኳ አፏ አይታዘዝላትም። እዚህ ቤት በገባ በመጀመሪያው ዓመት መካኒኩ የሚጠጣው መጠን አልነበረውም። አንድ ቀን እናቷ ሻንጣውን አውጥታ ደጃፍ ላይ አስቀመጠችለት። ያን ጊዜ ነው ለምኖ፣ ተንበርክኮ፣ የቀረችውን አንዲት ጠርሙስ ፍሪጁ ላይ ያቆማት። «እዚህ ትቀመጥ። ክዳኗ ከተነሳ አንድ ቃል ሳልናገር እወጣልሻለሁ» አለ። ከዚያ ወዲህ ነርሷ እናቷ ወደ ሆስፒታል ከመውጣቷ በፊት በየጠዋቱ ቀና ብላ ጠርሙሱን ታያለች። ሌላው ሰው ሰዓት ለማወቅ ግድግዳ እንደሚያየው፣ እሷ ቤቷ መቆሙን ለማወቅ ፍሪጁን ታያለች። አሥራ አንድ ወር ሆነ።

«ሃሎ? ጠፋሽ እንዴ?» አለች ጉንጮ።

«አለሁ።»

መካኒኩ ይጮሃል፣ ብላ አሰበች ምላጭ። ይጩህ! እኔ ነኝ የከፈትኩት እለዋለሁ፤ ፊቱ ሲቀላ አያለሁ። ከዚያ ያለፈ ነገር አልታያትም። ክዳኑን በማንኪያ እጀታ ፈልቅቃ የጃኬቷ ኪስ ውስጥ ከተተችው።

ቢራው ዱቄቱ ላይ ሲፈስ እየተንሿሿ አረፋ አወጣ። በእንጨት ማማሰያ አሥር ጊዜ ያህል አዞረችው፤ ጉንጮ «እብጥ እብጡን አትንኪው፣ ካሸሽው ድንጋይ ነው የሚሆነው» ስላለች እንዳለ ተወችው። ቅቤ በተቀባ መጋገሪያ ገልብጣ ኦቨን ውስጥ ከተተችው። ከሃምሳ ደቂቃ በኋላ አናቱ ተሰነጣጥቆ፣ ቡናማ ሆኖ፣ ቤቱን በሽታው ሞልቶ ወጣ። ጠርሙሱን የቆሻሻ ቅርጫት ውስጥ ጣለችው፤ አልደበቀችውም። መስኮቱን ከፈተች፣ ጠረጴዛውን ወለወለች፣ ሳህኖቹን አጠበች። እናቷ ከተረኛነት ስትመለስ ኩሽናው ተዝረክርኮ ካገኘችው ሌላ ጣጣ ነው። መጋገሪያውን ብቻ እንዲለቅ ብላ ውሃ ውስጥ ዘፈዘፈችው።

ትምህርት ቤት ዳቦው እንደተቆረሰ አለቀ። የሚስቁ አፎች ሁሉ ሞልተው ነበርና ማንም ሊስቅባት አልቻለም። አስተማሪያቸው ሁለት ጊዜ ወሰዱ። ምላጭ ጠርዙን፣ ቅርፊቱ የበዛበትን፣ ለራሷ በወረቀት ጠቅልላ ቦርሳዋ ውስጥ አደረገችው።

አሥር ሰዓት ተኩል ላይ ቤት ስትገባ እናቷ የሥራ ልብሷን እንኳ ሳታወልቅ የኩሽናው ጠረጴዛ ጋ ተቀምጣለች። ፊቷ ባዶ ነው። ጠረጴዛው ላይ ጠርሙሱ ቆሟል፤ እሱም ባዶ ነው።

«እማዬ…»

«ክፍልሽ ግቢ።»

«እማዬ፣ እኔ—»

«ግቢ ብያለሁ! ይህ የልጅ ጉዳይ አይደለም።»

የውጭው በር ተከፈተ። መካኒኩ ገባ፤ እጁ እስከ ክርኑ ግራሶ ነው፤ እንደ ልማዱ የሚንት ማስቲካ ያላምጣል። ምላጭ ኮሪደሩ ላይ ቀረች። መካኒኩ ጠርሙሱን አየ፣ ፍሪጁን አየ፣ ከዚያ ምላጭን አየ። ከሁሉም ረዘም አድርጎ ያየው እሷን ነበር።

«ምንድን ነው ይሄ?» አለች እናቷ።

«ጠርሙስ ነው።»

«ቀልድ አምሮሃል? ቅርጫት ውስጥ ነው ያገኘሁት። መደበቅ እንኳ አላስፈለገህም!»

«አልጠጣሁም።»

«ተንፍስ።»

«ሴትዮ፣ አልጠጣሁም አልኩሽ!»

«ተንፍስ!»

መካኒኩ ጎንበስ ብሎ ተነፈሰ። እናቷ ፊቷን አዞረች። «ሚንት» አለች፤ እንደ ስድብ ነው ያለችው። «ድሮም ሚንት ነበር። ድሮም ‹አልጠጣሁም› ነበር። እኔ በየጠዋቱ እንደ ሞኝ ቀና ብዬ ሳይ፣ አንተ ከኋላዬ ትስቃለህ። ከውሸታም ጋር አንድ ጣራ ሥር አላድርም። ሻንጣህን አዘጋጅልሃለሁ፤ ሳይመሽ ትወጣለህ።»

መኝታ ቤት ገባች። የቁም ሳጥኑ በር ሲከፈት ተሰማ።

ምላጭ ደስ አላት። እውነቱን ለመናገር በጣም ደስ አላት፤ ደረቷ ውስጥ የሆነ ነገር እንደ ቢራው ተንሿሿ። ሁለት ዓመት ሊሞላው ነው፤ ሰክሮ ገብቶ የኮሪደሩን መስታወት የሰበረው መካኒኩ ነበር። በማግስቱ ግን «ልጅሽ ኳስ ስትጫወት ሰበረችው» አለ። እናቷ አመነችው። ምላጭ ሁለት ሳምንት ስልኳን ተቀምታ፣ ከትምህርት ቤት መልስ ደጅ እንዳትወጣ ተከልክላ፣ አለቀሰች፣ ማለች፤ ማንም አልሰማትም። እናቷ በባሏ እጅ ላይ የመስታወት ቁስል እስክታይ ድረስ መካኒኩ ትንፍሽ አላለም። አሁን ተራው የእሱ ነው! እሷ ምንም ማለት የለባትም። ምንም ሳትዋሽ፣ ዝም ስላለች ብቻ ከቤቷ ይወጣላታል።

ወደ ክፍሏ ልትገባ ስትል ድምፁ ያዛት።

«ዳቦው እንዴት ነበር?»

ዞረች። መካኒኩ እቃ ማጠቢያው ጋ ቆሞ እጁን ይፈትጋል፤ አያያትም። የዘፈዘፈችው መጋገሪያ አጠገቡ ነው።

«ምን አሉ?» አለች። መካኒኩን አንቱ ነው የምትለው። አንቱታው አክብሮት አይደለም፣ አጥር ነው።

«ቀን ላይ መፍቻ ረስቼ ተመልሼ ነበር። በሩን ስከፍት ሽታው ተቀበለኝ። አሥራ አምስት ዓመት የጠጣሁትን ነገር፣ ተጋግሮ ቢመጣስ እስተዋለሁ እንዴ?»

ምላጭ ጆሮዋ ጋለ። «ታዲያ ለምን አልነገሯትም?»

«ምን ብዬ?» ሳሙናውን ወረወረው። «‹ሰካራሙ በልጄ ላከከ› ነው የምትለኝ። ብትለኝም አልፈርድባትም፤ አድርጌዋለሁ። የዛሬው ደግሞ አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ ነው። ዳዋው እኔ ነኝ።»

«እንድነግርልዎት ነው?»

«አልለምንሽም!» አሁን ዞሮ አያት። ዓይኑ ቀልቷል፣ ከመጠጥ ግን አይደለም። «አትወጂኝም፤ እኔም ከምላስሽ ጋር መኖር ሰልችቶኛል። በዚህ ተስማምተናል። አንድ ነገር ብቻ ስሚኝ። አሥራ አንድ ወር ያችን ጠርሙስ እያየሁ ነው የተኛሁት፣ እያየሁ ነው የተነሳሁት። ዛሬ ከዚህ ቤት ስወጣ መጀመሪያ የምገባው የት እንደሆነ እኔም አንቺም እናውቃለን። እሱ ያንቺ እዳ አይደለም፤ የራሴ ጉሮሮ ነው። ግን እንድታውቂው ነው።»

እጁን በሱሪው ጠረገና የመፍቻ ሳጥኑን ለመሰብሰብ ወደ በረንዳው ወጣ።

ምላጭ ክፍሏ ገባች፣ አልጋዋ ላይ ተቀመጠች። በግድግዳው በኩል የእናቷ እርምጃ፣ የመሳቢያ ድምፅ ይሰማል። ንገሪያት፣ አለ አንዱ ሐሳብ። ምን ቸገረሽ፣ አለ ሌላው፤ እሱስ አንቺ ስትቀጪ ሁለት ሳምንት ዝም ብሎ የለ? ብትናገር የሚመጣውን ታውቃለች። ያ ጠርሙስ የእናቷ አሥራ አንድ ወር ነበር፤ ለአንድ ቀን ጉራ ስትል ገልብጣዋለች። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት እንዲህ ነው። «ከውሸታም ጋር አንድ ጣራ ሥር አላድርም» ያለችው እናቷ ነገ እሷን በምን ዓይን እንደምታያት አሰበች።

ተነስታ በመስኮቱ መካኒኩን አየችው። መፍቻዎቹን በመጠን በመጠናቸው እየደረደረ ነው፤ ትንሹን አስቀድሞ፣ ትልቁን አስከትሎ። አንዱ መፍቻ ወድቆ ሲጮህ ጎንበስ ብሎ አላነሳውም፤ ቆሞ አየው።

ጠላችው። ያኔም አሁንም ጠላችው። ያ መስታወት በተሰበረ ማግስት ጠዋት፣ እናቷ ስልኳን ስትቀማት፣ ይህ ሰው ጠረጴዛው ጋ ተቀምጦ ሻዩን እንዴት ፉት እንዳለ አስታወሰች። ቀና እንኳ አላለም። አሁን እሷ ከመስኮት ኋላ ቆማ የምታየው ልክ እንደዚያ መሆኑ ድንገት ታወቃትና ፊቷ ጋለ።

መስኮቱን ከፈተች።

«ቢሄዱ ደስ ይለኛል» አለችው። «ዛሬም ነገም ቢሄዱ ደስ ይለኛል። ግን ሲሄዱ በራስዎ ጥፋት ይሂዱ፤ በእኔ አይሄዱም።»

መካኒኩ የወደቀውን መፍቻ አነሳና በእጁ እንደያዘው ቀረ።

ምላጭ ቦርሳዋን ከፍታ በወረቀት የተጠቀለለውን ጠርዝ አወጣች። ቅርፊቱ ደርቋል፤ ሽታው ግን አሁንም አለ፤ ጣፈጥ ያለ፣ መረር ያለ። እጇን ኪሷ ውስጥ ከትታ ክዳኑን አወጣች። ሁለቱን በአንድ እጇ ይዛ የመኝታ ቤቱን በር ሳታንኳኳ ገፋች።

እናቷ አልጋው ላይ ሸሚዝ እያጠፈች ነው። ሻንጣው ግማሽ ሞልቷል።

«ክፍልሽ ግቢ አላልኩሽም?» አለች ቀና ሳትል።

«ብለሽኛል።» ምላጭ በሩን ከኋላዋ ዘጋችው። ክዳኑን የታጠፈው ሸሚዝ ላይ አስቀመጠችና ዳቦውን ዘረጋችላት። «እማዬ፣ ያንን ከማጠፍሽ በፊት ይህን ቅመሺው።»

እናቷ ክዳኑን አየች። ዳቦውን ተቀበለች፣ ቆረሰች፣ አፏ ውስጥ ጨመረችው። ሁለት ጊዜ አላመጠች። ሦስተኛው ላይ የቢራውን ምሬት አውቃ ማላመጧን አቆመች፣ ዓይኗንም ከልጇ ላይ አልነቀለችም። ምላጭም ዓይኗን አልሰበረችም።