ሰኞ ሊጸድቅ የነበረው ፍቺ

እሑድ ጠዋት ኢንስፔክተር ዓይናለም ከደብረ ታቦር ተነሥታ ገሳይ ከተማ ስትደርስ የይሻው ሬሳ ተገንዞ ጠበቃት። ዓይኑ ተከድኗል፣ አገጩ በሻሽ ታስሯል፣ እጆቹ ግራና ቀኝ ተዘርግተዋል። ጎረቤቱ ግን የሚያየው ሬሳውን ሳይሆን ሚስቱን ብርቱካንን ነበር። ከኩዌት የተመለሰችው ሴት አጥር ጥግ ቆማ አላለቀሰችም፤ ይህን ደግሞ አገሩ ይቅር አይልም። ዓይናለም ለእንባ ደንታ የላትም። ገድሎ ደረት የሚመታ ስንቱን አይታለች።

አብሯት የመጣው ሐኪም ይሻው ቅዳሜ ማታ በትራስ ታፍኖ እንደሞተ፣ ከንፈሩ ውስጥ ካለው ቁስል በቀር ጉዳትም ስብራትም እንደሌለበት ነገራት።

የሟቹ ታላቅ ወንድም አባተ ቃሉን ሲሰጥ ዓይኑን ከብርቱካን ላይ አልነቀለም። ቅዳሜ አንበሳሜ ገበያ ውሎ እዚያው እንዳደረ፣ ጠዋት ሲመለስ ወንድሙን ተኮራምቶ እንደ ግንድ ደርቆ እንዳገኘው፣ ዘርግቶም እንደገነዘው ተናገረ።

«እሷ ናት። ትጠላዋለች።»

ብርቱካን አልካደችም። «አዎ፣ እጠላዋለሁ። ሰባት ዓመት የሰው ቤት ጠርጌ የሠራሁትን ቤት ከነመሬቱ ሊለቅልኝ የፈረመው ግን እሱ ነው። ሰኞ ዳኛ ፊት እስኪቆም ዕድሜ ይስጠው እያልኩ ስጸልይ ነበር።»

እውነቷን ነው። የፍቺ ስምምነቱን ያስፈረሙት ሽማግሌ አቶ ሙላቴ ነበሩ፤ ፍርድ ቤት ካላጸደቀው ግን ዋጋ የለውም። ይሻው ቀድሞ ከሞተ መሬቱ የውርስ ክርክር ውስጥ ይገባል። የአባቴ መሬት ለባዳ ሊሄድ ነው እያለ ሲዝት የከረመው ደግሞ አባተ ነው።

ቀትር ላይ ዓይናለም ሁሉንም ግቢው ውስጥ ሰበሰበች።

«አቶ ሙላቴ፣ ስንት ሰው ገንዘዋል?»

«እኔንጃ ልጄ፣ ቆጥሬውም አላውቅ።»

«ከደረቀ በኋላስ?»

ሽማግሌው ራሳቸውን ነቀነቁ። «የደረቀ እጅማ ካልሰበሩት አይዘረጋም። ሬሳ የሚገነዘው ነፍሱ እንደወጣች፣ ሳይቀዘቅዝ ነው።»

ዓይናለም ወደ አባተ ዞረች። «እርስዎ ደርቆ አገኘሁት አሉ። ሐኪሙ ግን ስብራት አላገኘም። ስለዚህ ይሻው የተገነዘው ገላው ሳይቀዘቅዝ፣ ቅዳሜ ማታ ነው። የገነዙት እርስዎ መሆንዎን ደግሞ ራስዎ ነግረውኛል። አንበሳሜ አላደሩም፤ እዚህ ነበሩ።»

አባተ መሬት መሬት አየ።

«ወንድሜ ነው» አለ። «ዓይኑ እንደፈጠጠ፣ አፉ እንደተከፈተ ጥዬው እንዴት ልሂድ?»

ፖሊሶቹ ሲወስዱት ብርቱካን ስለ ሰኞው ቀጠሮ አቶ ሙላቴን ጠየቀች። ከሟች ጋር ፍቺ የለም አሏት። ሁለት ዓመት ደጅ የጠናችበት ነገር በአንድ ሌሊት ከንቱ ሆነባት። የይሻው እኅቶች ጥቁር ልብስ ይዘው መጥተው ትከሻዋ ላይ ጣሉባት፤ ከኀዘንተኞቹ መሐልም ቦታ ለቀቁላት።

«ሚስቱ ነሽ» አለቻት ታላቋ፣ ዓይኗን ሳታይ። «ተቀመጪ።»