መሳት የነበረበት ጦር

ሬጂ ሽማግሌ ሊልክ በቆረጠበት ቀን ጠዋት፣ እኔ ጎብኚ እንግዶችን እየመራሁ የጥንት ሥዕሎች ወዳሉበት ገደል እየወጣሁ ነበር። ሽማግሌዋ አክስቴ ማቪስ ነበረች፤ የአባቴ እህት። እሺ ወይም እምቢ የሚለው ደግሞ ወንድሜ ነው። ስሙን አልጽፍም፤ በእኛ ዘንድ እህት የወንድሟን ስም አታነሣም፣ ፊት ለፊትም አታነጋግረውም። ልጅነታችን ካለፈ ወዲህ በመካከላችን ያለው ፍቅር ሁሉ ጀርባ ለጀርባ የተቀመጠ ፍቅር ነው።

ሬጂን ያገኘሁት በዝናቡ ወራት ነበር። ወንዙ ሞልቶ መኪናው መሻገሪያው መካከል ቆማበት፣ ጣሪያዋ ላይ ተቀምጦ አየሁት። በዚያ ወንዝ አዞ እንዳለ ልጅ ሁሉ ያውቃል።

«እዚያ ላይ ምን ትሠራለህ?» አልኩት ከዳር ሆኜ።

«ፀሐይ እሞቃለሁ።»

«በዝናብ?»

«እሺ፣ ፀሐይ እየጠበቅኩ ነው። ገመድ ካለሽ ግን አልጠላም።»

ገመድ ነበረኝ። ጎትቼ ሳወጣው ውሃ እየተፋ ዓይኖቹ ይስቁ ነበር። እናቱ የዚሁ የሰሜን አውስትራሊያው የአርንሄም ላንድ ሰው ናት፤ እሱ ግን ያደገው ዳርዊን ከተማ ነው። የጀልባ ሞተር እየጠገነ ሊኖር ወደ እናቱ ወንድሞች መንደር መመለሱ ነበር። አክስቴ ማቪስ ወገኑን ጠይቃ፣ በጣቶቿ ቆጥራ፣ «ለጋብቻ ይገባሻል» አለችኝ። ከማይገባኝ ወገን ቢሆን ኖሮ ዓይኑን ቀና ብዬ ማየት እንኳ ነውር ይሆንብኝ ነበር። ስለዚህ አየሁት። ብዙ ጊዜ አየሁት።

እንቅፋቱ ወንድሜ ነበር። ባለፈው ዓመት ቡድናችን ዳርዊን ሄዶ በእግር ኳስ ሲጋጠም፣ ሬጂ በክርኑ መትቶ የፊት ጥርሶቹን አውልቆበታል። ሜዳው ላይ የተጀመረው ድብድብ መኪና ማቆሚያው ድረስ ዘልቆ፣ ብዙ ሰው ደም በደም ሆኖ ነበር።

ያን ዕለት ጠዋት፣ ከገደሉ ሥር ከመግባታችን በፊት፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ በዚያ ለሚኖሩት ለቀደሙት አባቶቻችን መናፍስት የእንግዶቹን አመጣጥ ነገርኳቸው። ከዚያ ወደ ጥላው ገባን። አጥንቱ ሳይቀር የተሣለ ዓሣ አለ፤ የሕፃን መዳፍ አለ፤ ከሁሉም በላይ፣ ማንም እጁን ሊያደርስ በማይችልበት ከፍታ፣ ጦር እየወረወሩ የሚሮጡ ቀጫጭን ቀይ ሰዎች አሉ።

«ይህ ጦርነት ነው?» አለ ከአደሌድ የመጣው ኮሊን፤ ካሜራው ከአንገቱ የማይወርድ ጎልማሳ።

«ፍርድ ቤት ነው» አልኩት። «ያጠፋው ይቆማል፤ የተበደለው ይወረውራል፤ ደሙ መሬት ሲነካ ነገሩ ይዘጋል። ከዚያ በኋላ ቂም የሚይዝ ሰው ጥፋተኛው እሱ ነው። እኔ ግን ዛሬ እንዲህ ያለው ነገር ሁሉ በንግግር ሊያልቅ ይችላል ብዬ አምናለሁ።»

በዳርዊን አዳሪ ትምህርት ቤት ስለዚህ ጉዳይ የጻፍኩት ጽሑፍ ከክፍሉ ሁሉ በልጦ ተጨብጭቦልኛል። አክስቴ ማቪስ ግን አላጨበጨበችም።

«ልጄ፣ ምሳ ይቀዘቅዛል፤ ንግግርሽ አይበላም።»

ምሳው ከረግረጉ ዳር ነበር። ወንድሜ ያደናቸውን ዝይዎች ላባ እየነጨ፣ ጀርባውን ለእኔ ሰጥቶ፣ ከዛፍ ሥር ተቀምጧል። ጦሮቹ ከአጠገቡ ግንዱን ተደግፈዋል። እኔም ጀርባዬን ለእሱ ሰጥቼ ዱቄት አቦካለሁ። ሬጂ ጀልባዋን አስሮ መጣና ለአክስቴ በዓይኑ ምልክት ሰጣት።

«ይህ ልጅ አንድ ነገር እንድነግርህ ልኮኛል» አለችው ወንድሜን።

«ቤንዚን ከፈለገ ከመኪናዬ ይቅዳ።»

«ቤንዚን አይደለም፤ ሰው ነው የሚፈልገው።»

ላባ መንጨቱን አላቆመም። «መጀመሪያ ጥርሶቼን ያምጣ።»

«አክስቴ፣ ዳርዊን ወስጄ አስተክልለታለሁ ይበሉልኝ» አለ ሬጂ።

«አጠገብህ ተቀምጦ የለም እንዴ? ራስህ ንገረው! የሚተፋፈሩት እሱና እሷ ናቸው፤ አንተን ደግሞ ምን ነካህ?»

እንግዶቹ ሳቁ። የወንድሜም ትከሻ በሳቅ ሲንቀጠቀጥ በጎን አየሁ።

«እስከ ማታ ላስብበት» አለ። በእሱ አፍ ይህ እሺ ለማለት እጅግ የቀረበ ነበር። ሬጂ አየኝ፤ እኔም አየሁት፤ ሊጡ ከጣቶቼ መካከል ሲንጠባጠብ አልታወቀኝም።

በዚህ መካከል ኮሊን የውሃ አበቦቹን ፎቶ ሊያነሣ ከከለከልኩት ቦታ አልፎ፣ ጫማው ጭቃ እስኪነካ ድረስ ወርዶ ነበር። ሮጬ ሸሚዙን ይዤ ወደ ላይ ወረወርኩት። ከዚያ ጀርባዬን ለውሃው ሰጥቼ እቆጣው ጀመር።

«ይህ የግቢህ ኩሬ አይደለም እኮ!»

«ዴልቪና፣ ውጪ!» ሲል ሬጂ ከዳገቱ ሰማሁት። ሁልጊዜ ስለሚያበሽቀኝ እጄን አወናጭፌ ዝም አልኩት። ደግሞ ጠራኝ፤ ዝም አልኩት። ያን ጊዜ ነው ክፉ ስድብ የጮኸብኝ። በሕይወቴ ማንም ብሎኝ አያውቅም፤ እዚህም አልደግመውም። ከድንጋጤዬና ከንዴቴ የተነሣ ልመልስለት አንድ እርምጃ ወደ ላይ ተራመድኩ።

ያቺ አንዲት እርምጃ ናት ያተረፈችኝ። ውሃው ፈነዳ፤ ቆሜበት በነበረው ቦታ ላይ የአዞ አፍ ገጠመ። የቀሚሴን ጫፍ ይዞ ሲጎትተኝ በሆዴ ተደፋሁ፤ ጥፍሮቼ ጭቃውን እየቧጠጡ ወደ ኋላ ሄድኩ። ሬጂ ከላይ ዘሎ በመቅዘፊያው የአዞውን ዓይን ደጋግሞ መታው፤ እንጨቱ እስኪሰበር መታው። ጨርቁ ተቀደደ። አውሬው ቁራጩን ይዞ ሰጠመ።

ሁላችንም እናለከልካለን። አንዲት ሴት ታለቅሳለች። ሬጂ እጁን ዘረጋልኝ፤ እኔ ግን ከትከሻው በላይ ወንድሜን አየሁ። ዝይዋ ከእጁ ወድቃለች። ቆሟል። ስድቡን ሰምቷል።

እህቱ ስትሰደብ የሰማ ወንድም ልቡ ይሰወራል፤ ስድቡ ከጆሮው የሚወጣለት በእህቱ ላይ ጦር ሲወረውር ነው። ለምን በሰዳቢው ላይ አይሆንም ብለው የሚጠይቁኝ አሉ፤ አንደበቴ መልስ አያገኝለትም። የማውቀው ሥራችንን ነው። እኔ መሮጥ አለብኝ። እሱ በቁጣ መወርወር አለበት። ጦሩ ደግሞ መሳት አለበት።

ሮጥኩ። የመጀመሪያው ጦር በቀኜ አልፎ የዛፍ ግንድ ውስጥ ተተከለ። አክስቴ ማቪስ «አንተ ዕብድ! አንተ ዓይነ ስውር!» እያለች ወንድሜን ትራገማለች፤ ያም የእሷ ሥራ ነው። ሁለተኛውን አነሣ። በግራዬ በኩል በሰፊው እንደሚያልፍ ከክንዱ አዘረጋግ አውቄ ነበር።

ሬጂ አላወቀም። ስድብ ክልክል መሆኑን በከተማ ሆኖም ሰምቷል፤ ጦሩ እንደሚስት ግን የነገረው ሰው የለም። ሊያድነኝ እየሮጠ መጥቶ በግራዬ ቆመ። መሳት የነበረበት ጦር ጭኑ ውስጥ ገባ።

«አንተ ቂል!» ብሎ ጮኸ ወንድሜ፤ ድምፁ እንደ ልጅ ድምፅ ቀጠነ። «ማን ግባ አለህ? ስቼላት ነበር እኮ!»

«አላወቅኩም» አለ ሬጂ ጭኑን ይዞ። «ማንም አልነገረኝም…»

ሻሼን ፈትቼ ጭኑን አሰርኩ፤ ደሙ በጣቶቼ መካከል ይወጣል። ወንድሜ ሊረዳን ፈልጎ ይቀርባል፤ እኔ በመኖሬ ተመልሶ ይርቃል። እኔም እጄን ከቁስሉ ላይ ማንሣት አልችልም። እንዲህ ሆነን መኪና እስኪደርስ ድረስ አንድ ሰው ሲደማ ሌላው ዙሪያውን እየዞረ አለቀሰ።

ሬጂ ከክሊኒክ ሲወጣ የእናቱ ወንድሞች መልእክት ላኩ። ስድቡ ነፍስ ያተረፈ ስለሆነ ዕዳ የለበትም፤ የፈሰሰው ግን የልጃቸው ደም ነው። ወንድሜ ይቆማል።

ሬጂን በአጎቱ በሌስተር ግቢ አገኘሁት። ምርኩዙን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ ተቀምጧል።

«ራሴ እወረውራለሁ ብያለሁ» አለኝ ገና ሳልጠይቀው። «እግሩ የእኔ ነው፤ ጦሩም የእኔ ይሁን ብያለሁ።»

«ሳተው።»

ምርኩዙን በጣቶቹ አሽከረከረ።

«እሱ ለእኔ እንደሳተ አንተም ሳተው። ደግሞስ ለምን ተቀምጠን አንነጋገርም?»

«ከአጎቴ ጋር የተነጋገርኩት አንሶ ነው?» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፤ ሌስተር ከቤቱ ጥላ ሥር የጦር ጫፍ ይስላል። «ዴልቪና፣ እኔ ከሳትኩ ነገሩ አይዘጋም። ከእኔ ቀጥሎ የሚወረውረው አጎቴ ነው። እሱ ደግሞ ጭን አይበቃውም።»

«ወንድሜን ከወጋህ በዚያ እጅህ እንዳትነካኝ።»

ረጅም ጊዜ አየኝ። ከዚያ በፊት ያን ያህል አይቶኝ አያውቅም።

«እሺ» አለ። «አልነካሽም። በሕይወት ያለ ወንድም ግን ይኖርሻል።»

በተቀጠረው ቀን ሜዳው በሰው ተሞላ። ወንዶቹ ነጭ አፈር ተቀብተዋል፤ ሴቶቹ በዳር ተሰብስበናል። አክስቴ ማቪስ የእጄን አንጓ ጨምድዳ ይዛኛለች። ወንድሜ ባዶ እጁን ወደ መሃል ወጣ፤ ጎኑን አዙሮ ጭኑን ሰጥቶ ቆመ።

ሬጂ ምርኩዙን ጣለ።

«የከተማ ልጅ!» አለ ሌስተር ጦሩን እያወዛወዘ። «እጅህ ከተንቀጠቀጠ ለእኔ ተውልኝ!»

እጁ አልተንቀጠቀጠም። ዓይኔን መጨፈን ይገባኝ ነበር፤ አልጨፈንኩም። ጦሩ ሲሄድ አየሁ፤ ከአጥንቱ ርቆ በጭኑ ውጫዊ ሥጋ ሲገባ አየሁ። አልሳተም። በዚያች ቅጽበት ሬጂን ጠላሁት፤ በሙሉ ልቤ ጠላሁት። ወንድሜ አልወደቀም። ጦሩን በራሱ እጅ ነቅሎ አወጣ፤ ደሙ ቁልቁል ወርዶ አሸዋው ላይ ጠቆረ። ሴቶቹ ዋይ አሉ። እኔም ከእነሱ ጋር ጮኽኩ።

ሌስተር ግን ወደ ፊት ተራመደ። «አልበቃም! ይህ ጭረት ነው!»

ክንዱ ወደ ኋላ ሄደ። ሬጂ እያነከሰ ሜዳውን አቋርጦ ከወንድሜ ጎን ቆመ፤ ትከሻው ትከሻውን ነካ። አንድ ጊዜ ሳያውቅ በጦር ፊት ቆሞ ነበር፤ አሁን ግን አውቆ ቆመ።

«አጎቴ፣ የፈሰሰው የእኔ ደም ነበር» አለ። «በቃኝ ብያለሁ። አሁን የሚወረውሩ ከሆነ ሁለታችንም ላይ ነው።»

የሌስተር ክንድ ላይ ያለው ጅማት ተገታትሮ ይታየኝ ነበር። በመጨረሻ መሬቱ ላይ ተፋና ጦሩን በጉልበቱ ላይ ሰበረው።

እጄ ከአክስቴ እጅ ተለቆ ነበር፤ መቼ እንደሆነ አላውቅም። ወንድሜን መደገፍ አልችልም፤ ሕጉ አይፈቅድልኝም። ሬጂ ደገፈው። ሁለቱ እያነከሱ ወደ መኪናው ሲመጡ፣ የቱ ቁስለኛ የቱ ደጋፊ እንደሆነ አይለይም ነበር።

መኪናውን እኔ ነዳሁ። ወንድሜ ከኋላ ከአክስቴ ጋር ተጋድሟል፤ ሬጂ ከአጠገቤ፣ ቀኝ እጁን ከጭኑ ሥር ደብቆ። እንዳይነካኝ የተናገርኩትን እንደ ትእዛዝ ይዞታል። ማርሽ ቀየርኩና ያን እጅ ከተደበቀበት አወጣሁት። ጦሩን የወረወረበትን መዳፍ አጥብቄ ያዝኩት። እስከ ክሊኒኩ ድረስ በአንድ እጄ ነዳሁ።

ነርሷ ፋሻውን እየፈታች «ምን ሆነህ ነው?» ስትል ሰማሁ። እኔ በውጭ በኩል ከመስኮቱ ሥር ቆሜአለሁ።

«ወደቅኩ» አለ ወንድሜ።

«ጦር ላይ?»

«የወደቅኩበት ቦታ ጦር ነበረበት።»

«እንግዲያው ቤተሰብ ያልሆነ ይውጣልኝ፤ ክፍሉ ጠባብ ነው።»

የሬጂ አንካሳ እርምጃ ወለሉን ሲመታ ሰማሁ።

«አንተ፣ ወዴት ነው?» አለ ወንድሜ።

«ውጡ ተባልን እኮ።»

«ቁጭ በል። ሲስተር፣ ይህ ቤተሰብ ነው። አማቼ ነው።»

እኔ የመስኮቱን ጠርዝ ያዝኩ። ከዚያ ወንድሜ፣ መስኮቱን ሳያይ፣ ስሜንም ሳያነሣ፣ ለነርሷ እንዲህ አላት፦

«ውጭ የቆመች ሴት አለች፤ ንገሪያት። ባሏ እግሩን ስለሚያመው መኪናውን በሩ ድረስ ታስጠጋለት።»

ነርሷ እስክትመጣ አልጠበቅኩም።