ቁልፍ የሌለው ጌም

ይህ ነገር የሆነው በእኔ በመስኡዳ ቤት ነው። ያላመነ ስልኩን አጥፍቶ ይተኛ፤ ለምኜ የማሳምነው ሰው የለም።

ቀኑ ዓርብ ነበር። ከቀኑ ሰባት ሰዓት ተኩል። ፀሐይዋ አናት ትበሳለች። ጨለማ የለ፣ የጅብ ድምፅ የለ... እናንተ የምትወዱት ዓይነት ነገር አንድም አልነበረም።

ቤቴ ሐይቅ ከተማ ዳር ነው። ደጄ ላይ ቁጭ ስል ውሃው ይታየኛል። ዘመዶቼ አምባሰል ናቸው፤ ወደዚህ የመጣሁት ተድሬ ነው። ፊደል አልቆጠርኩም። ይህንን የምትጽፍልኝ የጎረቤቴ ልጅ ሒክማ ናት። «ቃሌን እንዳታሳምሪብኝ» ብያታለሁ።

ሙጂባ የምትባል ልጅ አለችኝ። አንድ ናት።

ሪያድ ሰው ቤት ትሠራለች። በመሐል አንዴ ለአራት ወር መጥታ ነበር። እኔ ወርቅ ስጠብቅ ላፕቶፕ ይዛ መጣች።

«ምንድን ነው ይሄ?» አልኳት።

«ጌም ነው እማ። የምጫወትበት።»

«ሠላሳ ዓመት ሊሞላሽ ነው እኮ!»

«ታዲያ ቀብር ልውረድ?» አለችኝ። ምላሷ የእኔ ነው፤ ከማን ትወርሰው?

ጌሙ የእርሻ ነው። መንደር አለ፣ ሐይቅ አለ፣ ባርኔጣ የደፉ ፈረንጆች አሉ። የእሷ ሰው ቀይ ሻሽ ያሰረች ትንሽ ሴት ናት፤ አውራ ጣቴን ብታክል ነው። በሐይቁ ዳር ቤት ሠርታ፣ አንድ ላም ገዝታ፣ በሯ ላይ ቆማለች። የእኛን ሐይቅ ስለመሰላት ነው አሉ ጌሙን የገዛችው።

«ይሄ ቁልፍ የለውም እማ» አለችኝ። «ሌላውን ጌም ብትገዢውም የሻጩ ነው። በኔት እየጠየቀ ነው የሚከፍትልሽ። ደስ ካላለው ይዘጋብሻል። ይሄ ግን አንዴ ከገዛሽው የአንቺ ነው። ኔት ባይኖርም ይከፈታል። እኔ ብሞትም ይከፈታል።»

«ምላስሽ ይቆረጥ!»

ሳቀች። ከዚያ ሳቋን ዋጥ አደረገችው።

«እዚያ ስሆን ፓስፖርቴ የሚቆለፈው አሠሪዬ ማዳም ካዝና ውስጥ ነው እማ። የምገዛው ጌም እንኳ ቁልፍ አይኑረው ብዬ ነው።»

ይህንን ስትል ምን እንዳልኳት ትዝ አይለኝም።

ላፕቶፑን ለእኔ ትታ ሄደች። ማዳም አታስገባላትም።

ቁልፍ የሌለው ጌም ግን አንድ ጣጣ አለው። ራሱን አያድስም። ሠሪዎቹ አዲስ ነገር ባወጡ ቁጥር አንድ ሰው አውርዶ፣ በእጁ አምጥቶ፣ በተራ መጫን አለበት። አንዱን ዘሎ ሌላውን የጫነ ያበላሸዋል። ቤቴ ደግሞ ኔት የለም፤ እንኳን ኔት ውሃም በፈረቃ ነው።

ስለዚህ እሷ እዚያ በስልኳ ታወርዳለች። በፍላሽ አድርጋ ወደ አገር ለሚገባ ሰው ትሰጣለች። እኔ እዚህ እጭናለሁ።

«ስመለስ ከቆምኩበት እንድቀጥል... ጠብቂልኝ» ነው ቃሏ።

የማላነብ ሰው ተራውን በምን ልወቅ? ዘዴውን እሷው አመጣችው። ፍላሹ ላይ ቀይ ክር ታስራለች። ለመጀመሪያው አንድ ቋጠሮ። ለሁለተኛው ሁለት። እኔ በጣቴ እየዳበስኩ እቆጥራለሁ።

አጫጫኑን አስጠንታኛለች። መጀመሪያ ያለውን ኮፒ አድርጎ አሮጌ ፍላሽ ላይ ማስቀመጥ፤ አዲሱ ካበላሸ ወደ ኋላ ለመመለስ። ከዚያ አዲሱን መሰካት። ሥዕሉን ሁለቴ መምታት። በቀኝ ያለውን ሳጥን መጫን። አረንጓዴው መስመር ሲሞላ አበቃ። በቢስሚላህ እጀምራለሁ፣ በአልሐምዱሊላህ እዘጋለሁ። አሥራ ሁለተኛ ክፍል የጨረሱት የሰፈር ጎረምሶች «ኔት ጠፋ» ብለው ሲያለቅሱ እኔ አፕዴት እጭን ነበር።

እስከ ሰባት ቋጠሮ እንዲህ ሄድን።

ከዚያ ስልኳ ጠፋ።

አንድ ወር... ሦስት ወር... ዓመት ከሁለት ወር።

ከሪያድ የተመለሰች አንዲት ልጅ ወሬ ይዛ መጣች። «የአምባሰል ዘር ናት አሉ... ከፎቅ... በረመዳን...» ስሟን አታውቅም። ሬሳ የለም። ወረቀት የለም። ወሬ ብቻ።

አላለቀስኩም። እበላለሁ፣ እሰግዳለሁ፣ ሲመሽ ዶሮዬን አስገባለሁ። ውስጤ ግን ዝም አለ። ጥርስ ሲነቀል ድዱን እንደሚያደነዝዙት... እንደዚያ። እጄ ብቻ ነበር የሚሠራው።

ሸኽ ሙዘይን መጡ። የመስጊዳችን ኢማም ናቸው።

«መስኡዳ» አሉኝ በቀስታ። «ሰላተል ጋኢብ እንስገድባት። ሐቋ ነው።»

ሬሳው ለሌለ፣ በሩቅ አገር ለሞተ ሰው የሚሰገደው ሶላት ነው።

«ማን ሞተና?»

«አንቺ ሴትዮ...»

«ሸኽ፣ ገበያ ላይ ዶሮ እንኳ ሳትታይ አትገዛም። ልጄን በወሬ ሊቀብሩብኝ ነው?»

ዱላቸውን አንሥተው ሄዱ።

በሳምንቱ ጠዋት በሬን ስከፍት... እጀታው ላይ ፍላሽ ተንጠልጥሏል። ቀይ ክር።

ዳበስኩት።

ስምንት።

ማን እንዳንጠለጠለው አላየሁም። ክሩ እርጥብ ነበር። ሌሊቱን ግን አልዘነበም።

ሒክማ የምትሠራው ፎቶ ኮፒ ቤት ነው። ደስ ብሎኝ ላሳያት ወሰድኩላት። ሰካችው። ከፍታ አየች።

«እማ መስኡዳ... ባዶ ነው እኮ።»

«ምን ማለት ነው ባዶ?»

«ምንም የለበትም። ደግሞ...» ስልኳን ነካካች። «የዚህ ጌም ሠሪዎች ከሰባተኛው ወዲህ ምንም አላወጡም። ትተውታል ይላል።»

«አንቺ ደግሞ ትናንት ኮምፒውተር ነክተሽ!» ብዬ ከእጇ መንጭቄ ወጣሁ።

ቤት ገብቼ ሰካሁት። ቢስሚላህ። ሁለቴ መታሁ። ቀኝ ሳጥን።

አረንጓዴው መስመር ጉዞ ጀመረ... ሞላ።

ጌሙ ሲከፈት ቀይ ሻሽ ያሰረችው ሴት በሩ ላይ የለችም።

በእሷ ቦታ አንዲት አሮጊት ተቀምጣለች። ቢጫ ሻርፕ ለብሳለች። እኔም የምለብሰው ቢጫ ነው። ይሁን አልኩ፤ እናቷን ሠርታ ይሆናል።

ቀጥሎ በሩን አየሁት።

በሩ ሰማያዊ ሆኗል። ከታች፣ በቀኝ በኩል፣ በቆርቆሮ ተጠግኗል።

የእኔም በር ሰማያዊ ነው። ከታች በቀኝ በኩል አይጥ በልቶት በቆርቆሮ አስጠግኜዋለሁ። ያስጠገንኩት ግን አምና ነው። ሙጂባ ከሄደች በኋላ። ስልኳም ከጠፋ በኋላ።

አላየችውም። አልነገርኳትም።

ላፕቶፑን ከደንኩት። ሄጄ ዶሮዬን አስገባሁ።

በወሩ ዘጠነኛው መጣ። ያው እጀታ። ያው እርጥብ ክር።

በዚያ ሳምንት ያለችኝ አንዲት ላም ሞታብኝ ነበር። ጌሙን ስከፍት በረቱ ባዶ ነው። ባርኔጣ የደፉት ፈረንጆች ሥራቸውን ትተው ቆመዋል። ሁሉም ወደ አንድ በኩል ያያሉ።

አሮጊቷን።

አሮጊቷ አንገቷን ደፍታለች።

ሸኽ ሙዘይን እንደገና መጡ። የዚያን ቀን አልተቀመጡም።

«በሚመጣው ጁምዓ እንሰግዳለን መስኡዳ። የልጅቷ ሐቅ እኛ አንገት ላይ ነው። አንቺ እምቢ ስላልሽ አላህ ዘንድ አይቀርልንም።»

«ፍላሽ እየላከችልኝ!»

«ሒክማ ባዶ ነው ብላኛለች።»

«ሒክማ ወሬኛ ናት።» (ይህንንም ጻፊው ብያታለሁ።) «አሥረኛው ከመጣስ ሸኽ?»

ትክ ብለው አዩኝ። ያዘኑልኝ መሰለኝ። ሰው ሲያዝንልኝ አልወድም።

«ከሶላቱ በፊት ከመጣ... እንተወዋለን።»

«አላህ ምስክር ነው?»

«አላህ ምስክር ነው።»

ሐሙስ ምንም አልመጣም። ዓርብ ጠዋትም ምንም። ለጁምዓ አዛን ሲባል በሬን በርግጄ ከፍቼ ደፉ ላይ ተቀመጥኩ። ዓይኔን እጀታው ላይ ተከልኩ። የሚያመጣውን ሰው ዛሬ አየዋለሁ አልኩ። ኹጥባው፣ የኢማሙ ስብከት፣ ሲያልቅ... ሲሰገድ... ሰው የለም። መንገዱ ጭር ብሏል።

አንዴ ብቻ ውሃው ላይ አንድ ነገር የተንቦራጨቀ መሰለኝና ዘወር አልኩ።

ፊቴን ስመልስ ተንጠልጥሏል።

ጣቴን ሰደድኩ። ...ስምንት... ዘጠኝ... አሥር።

«ሒክማ! መስጊድ ሩጪ! አሥረኛው መጥቷል በያቸው! ሩጪ አንቺ!»

ጫማዋን በእጇ ይዛ ከቤታቸው ስትበር አየኋት።

እኔ ገባሁ። ላፕቶፑ ያለው በቂብላ፣ ስንሰግድ በምንዞርበት በኩል፣ ግድግዳው ሥር ጠረጴዛ ላይ ነው። ኮፒ አደረግኩ። ሰካሁ። ሁለቴ መታሁ። ቀኝ ሳጥን።

ሞላ።

ሰዎቹ ጀርባቸውን ሰጥተውኛል። ባርኔጣቸውን አውልቀዋል። በሦስት ረድፍ ቆመዋል፤ ትከሻ ለትከሻ፤ ፊታቸው ወደ ግድግዳው... ወደ ቂብላ።

እጃቸውን አነሡ። ደረታቸው ላይ አጠፉ።

ሩኩዕ ይወርዳሉ ብዬ ጠበቅኩ። አልወረዱም። ሱጁድ ይወርዳሉ ብዬ ጠበቅኩ። አልወረዱም። ተገትረው ቀሩ።

ማጎንበስ የሌለበት፣ ግንባር መሬት የማይነካበት ሶላት አንድ ነው። የሐይቅ ሕፃን ያውቀዋል።

የጀናዛ ነው፤ የሬሳ ሶላት።

ከፊታቸው ግን ሬሳ የለም። ቦታው ባዶ ነው።

ከኋላ፣ በሴቶቹ ረድፍ፣ ዳር ላይ... ቀይ ሻሽ አየሁ።

«አለሽ?» አልኩ። በሹክሹክታ።

እሷ ቆማ ከሰገደች... የሚሰገድበት ማን ነው?

ወደ ሰማያዊው በር አየሁ። ተዘግቷል። አሮጊቷ የለችም። ደፉ ላይ ቢጫ ሻርፕ ታጥፎ ተቀምጧል።

እጄን ወደ ትከሻዬ ሰደድኩ። ሻርፔ አለ። ትከሻዬም አለ።

ሒክማ እያለከለከች ገባች።

«ደረስኩ! ሸኹ ሰው አሰልፈው ነበር... ትተውታል! አልተሰገደም እማ! አልተሰ...» ስክሪኑን አየች። ድምጿ ወረደ። «ምንድን ነው ይሄ?»

«ዝም በይ። እየሰገዱብኝ ነው።»

«ምን?»

«እኔ ላይ ነው። እዚያ ማዶ ሞቻለሁ።»

ክንዴን ያዘችኝ። ጥፍሯ ገባ፤ አላመመኝም።

«ወደ ዘጠኙ እንመልሰው» አለች። «ኮፒው አለ አይደል? አሮጌውን ፍላሽ ይስጡኝ። አሮጊቷ ትመለሳለች።»

«አልሰጥም።»

«እማ መስኡዳ!»

«ዘጠኙ ላይ ሙጂባ የለችም።»

ያኔ ሶላቱን ሊዘጉ አሰላመቱ። አንገታቸውን ወደ ቀኝ መለሱ... ሁሉም። ከዚያ ወደ ግራ... ሁሉም። ከዚያ አንገታቸውን አቀኑ።

ባለ ቀይ ሻሿ አላቀናችም።

አንገቷ ከግራ አልፎ መዞሩን ቀጠለ... ቀጠለ... ፊቷ ወደ እኔ እስኪሆን። ጌሙ ላይ ፊት የላትም፤ ሁለት ጥቁር ነጥብ ነው ያላት። በሁለቱ ነጥብ አየችኝ።

ከረድፉ ወጣች። ወደ ሰማያዊው በር ሄደች። እጀታው ላይ አንድ ነገር ስታስር አየሁ።

ከኋላዬ የቤቴ በር ቆርቆሮ... ቋ አለ።

«አይውጡ...» አለች ሒክማ። «በአላህ ይዤዎታለሁ፣ አይውጡ...»

ወጣሁ። የገዛ በሬ ነው፤ ማንን ልፈራ?

መንገዱ ላይ ሰው የለም። እጀታው ላይ ክር ታስሯል። ፍላሽ የለውም። ክር ብቻ። ውሃ ይንጠባጠባል።

ቆጠርኩት። አሥር ቋጠሮ ጠብቆ ታስሯል። አሥራ አንደኛው... ተጀምሯል እንጂ አልጠበቀም። ልል ነው፤ ጣት ያስገባል።

ማታውን ሸኽ ሙዘይን መጥተው «አለች ወይ?» አሉኝ። አንገታቸውን ደፍተው።

«ሸኽ፣ እኔ እዚህ ቁጭ ብዬ ሽሮዬን እየበላሁ እዚያ ተሰግዶብኛል» አልኳቸው። «እሷም የሆነ ቦታ ቁጭ ብላ ይሆናል። በሕይወት ባለ ሰው ላይ አትስገዱ።»

ከዚያ ወዲህ አልጠየቁኝም።

ላፕቶፑን አልከፈትኩትም። ቻርጁን ግን አላጓድልበትም። ጠብቂልኝ ተብዬ የለ?

ክሩ አሁን ይህንን ሳስጽፍ ጉልበቴ ላይ ነው። አራት ወር ሆነው፤ እስካሁን አልደረቀም። ሒክማ ከፊቴ ተቀምጣ ስልኳ ላይ ትጽፋለች። ቀን ነው። በሩ ክፍት ነው። የሁለታችንም እጅ ከክሩ ርቋል።

ሒክማ መጻፍ አቆመች።

«እማ... ቋጠሮውን...» አለች።

«አየሁት። ጻፊ።»

ልሉ ቋጠሮ... ማንም ሳይነካው... ቀስ እያለ... ጠበቀ።