የእሳት ጓድ

«ሦስት ብረት ለባሾች ከፊትህ፣ ገደል ከኋላህ» አለ ሙሉሐብት፣ ሦስት የጠርሙስ ቆርኪዎችን ወደ ደሳለኝ ነጭ ቁልፍ እያስጠጋ። «የቀረህ ሁለት ነጥብ ነፍስ ነው። ተራው ግን የዘምዘም ነው።»

የሚያዝያ መጨረሻ፣ አርብ ከሰዓት በኋላ ነበር። ተማሪው ሁሉ ወደየቤቱ ሄዷል። ሦስቱ ብቻ በአሥረኛ «ለ» ክፍል ሁለት ዴስክ ገጥመው ካርታቸውን ዘርግተዋል። የልብስ ቁልፎቹን ዘምዘም ናት ከአባቷ ስፌት ቤት ያመጣቻቸው፤ ነጩ የደሳለኝ ጎራዴ ያዥ፣ አረንጓዴው የእሷ የዱር አዋቂ፣ ቀዩ ደግሞ አዋቂዋ የምትጠራው እሳት ነው።

ጨዋታው ደብረ ታቦር የገባው ባለፈው ዓመት፣ በሰባ ሰባቱ ድርቅ ጊዜ ነው። ለእርዳታ የመጣ አንድ ወጣት የውጭ አገር ሐኪም ወደ አገሩ ሲመለስ ሻንጣው ሞላበትና፣ ልብሱን ያጥቡለት ለነበሩት ለሙሉሐብት እናት አንድ ቀጭን የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ትቶላቸው ሄደ። ሙሉሐብት መዝገበ ቃላት ይዞ ክረምቱን ሙሉ መጽሐፉን ሲፈታ ከረመ። ጨዋታው ኳስ አይፈልግ፣ ሜዳ አይፈልግ። አንዱ ይተርካል፤ ሌሎቹ በታሪኩ ውስጥ ሰው ይሆኑና የሚያደርጉትን ይናገራሉ። ይሳካ አይሳካ የሚወስነው ሙሉሐብት ከቀንድ የጠረባት ባለስድስት ገጽ ጠጠር ናት።

ለዘምዘም የደረሰቻት ከዱር ጋር የምትነጋገር ሴት ነበረች። መዝገበ ቃላቱ ስሟን አያውቀውም። ደሳለኝ «ጠንቋይ እንበላት» ሲል ዘምዘም አሻፈረኝ አለች፤ አባቷ ቢሰሙ ከቤት አያስወጧትም። በመጨረሻ «የዱር አዋቂ» በሚለው ተስማሙ። አዋቂዋ በውጊያ ጊዜ ከእሳት የተሠራ አጋር ትጠራለች። ለእሱም ስም ያወጣለት ደሳለኝ ነው። በዚህ ዘመን አጋር የሚባል የለም፣ ሁሉም ጓድ ነው ብሎ ሲስቅ፣ ዘምዘምም ደብተሯ ላይ «የእሳት ጓድ» ብላ ጻፈች።

«የብረት ለባሾቹን አለቃ በይው» አለ አሁን ደሳለኝ። «አምስት ነጥብ ብቻ ነው የቀረው። በአንድ ምት ያልቅለታል።»

ዘምዘም አልቸኮለችም። የእሳት ጓድ በየዙሩ አንድ ትእዛዝ ብቻ ነው የሚቀበለው። ፍም ወርውር ካለችው ጠጠሯ አምስት ወይም ስድስት መውጣት አለባት። ከዚያ ካነሰች ፍሙ ይስታል፤ ቀጣዩ ተራ የአለቃው ነውና ደሳለኝ አበቃለት። አንሥተህ አሻግር ካለችው ግን ጠጠር መጣል አያስፈልግም። እሳቱ አጠገቡ የቆመውን ወዳጅ አፈፍ አድርጎ ሌላ ቦታ ያኖረዋል፤ ጥሎት የሄደው ቦታም ይነድዳል። ችግሩ፣ እሷ የቆመችው ከእሳቱ ሠላሳ እርምጃ ርቃ ነው። ለእሷ አይደርስላትም።

«አልወረውርም» አለች። «ደሳለኝን ገደሉን ያሻግረው።»

«አንቺስ?» አለ ሙሉሐብት።

«እኔማ እዚሁ ነኝ።»

ደሳለኝ ተናደደ። ውጊያ የሚሸነፈው እንዲህ ባለ ፍርሃት ነው አለ። እሷም ፍርሃትማ የሚሆነው ራሴን ባሻግር ነበር ብላ መለሰችለትና ነጩን ቁልፍ በገዛ እጇ ከገደሉ ማዶ አኖረችው። ሙሉሐብት ቃጠሎውን ለመለካት ጠጠሯን ጣለ፤ አራት ወጣች። ሁለቱ ብረት ለባሾች ወደቁ። አለቃው ፊቱን ወደ አረንጓዴው ቁልፍ አዞረ።

በሩ የተከፈተው ያኔ ነው።

የገቡት የፖለቲካ ትምህርት መምህሩ ጓድ አለሙ ነበሩ። አልተቆጡም። ቁልፎቹን አንድ በአንድ አይተው ካርታውን አነሡ። ሙሉሐብት የጨዋታውን አገር የሳለው የሚያውቀውን አገር አስመስሎ ነበር፤ ጉና ከላይ፣ ጋፋት ከመሀል፣ የርብ ድልድይ ከታች፣ «ጠላት» ወደሚለው ቃል የሚሄዱ ቀያይ ቀስቶችም አሉበት። በሌላ ጊዜና በሌላ ቦታ ቢሆን ማንም ዞር ብሎ አያየውም። ያን ዓመት ግን በዙሪያው ገጠር ሽምቅ ተዋጊዎች ይዘዋወራሉ ይባል ስለነበር፣ ድልድይ መሳል ጨዋታ አልነበረም። በዚያ ላይ የሙሉሐብት ታላቅ ወንድም ከቤት ከወጣ ሁለት ዓመት ሞልቶታል። ጫካ ገብቷል እያሉ የሚያንሾካሹኩ ብዙ ነበሩ።

ጓድ አለሙ የዘምዘምን ደብተር ገልጠው ጮክ ብለው አነበቡ። «የእሳት ጓድ ትእዛዝ ካልተሰጠው ከቦታው አይንቀሳቀስም።» ከዚያ ቀና አሉ። «ማነው ይህ ጓድ?»

መልስ ሳይጠብቁ ደብተሩን፣ ካርታውንና መጽሐፉን ብብታቸው ሥር ሸጉጠው፣ ሰኞ ጠዋት ሦስቱም ርእሰ መምህሩ ቢሮ እንዲቀርቡ አዝዘው ወጡ።

ቅዳሜ ገበያ ነው። ዘምዘም ስፌት ቤቱ ደጃፍ ላይ ተቀምጣ ቁልፍ ስትተክል ደሳለኝ መጣ። አጎቱ የቀበሌ ሹም ናቸው፤ ከጓድ አለሙ ጋር ተነጋግረው መላ እንዳገኙለት ነገራት። እሷና እሱ፣ የሰበሰበንም ካርታውን የሳለውም ሙሉሐብት ነው ብለው ከፈረሙ በነፃ ይሄዳሉ።

«እሱስ?» አለችው።

ደሳለኝ መሬት ላይ የወደቀውን የጨርቅ ቁርጥራጭ በጫማው ጫፍ ይገፋ ጀመር። «ወደ አውራጃ ይላካል። ስለ ወንድሙ ይጠይቁታል።»

«ጓድ የሚለውን ስም ያወጣኸው እኮ አንተ ነህ።»

«አውቃለሁ። የመጣሁትም ስለ ስሙ ነው» አለ፣ ድምፁ ቀጥኖ። «እንዳትናገሪብኝ።»

እሱ ሲሄድ የስፌት መኪናው ድምፅ ቆመ። አባቷ ሙሄ ሁሉንም ሰምተዋል። ካርታውን የሳለው እውነት ያ ልጅ ነው ወይ ብለው ጠየቋት። አዎ አለቻቸው።

«እንግዲያ የሆነውን ጻፊ። ሐሰት ጻፊ ያለሽ የለ» አሉ። «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ ነው ነገሩ።»

«ንጉሡማ ወርዷል፣ አባ።»

ሙሄ መንገዱን ግራና ቀኝ ቃኙ። ከዚያ ዝቅ ባለ ድምፅ «ወንበሩ አልወረደም» አሏት።

ዘምዘም መርፌዋን ጨርቁ ላይ ሰካች። ካርታውን ሙሉሐብት መሳሉ እውነት እንደሆነ፣ ድልድዩን ግን ከእሳቸው ጋር ይፋግ ገበያ ስትሄድ ስላየችው የት ጋ እንደሚሳል የነገረችው እሷ መሆኗን አስረዳቻቸው። «ግማሹን ብቻ ብጽፍ፣ የተውኩት ግማሽ ምን ሊባል ነው?» አለች። አባቷ የስፌት መኪናውን መርገጥ ቀጠሉ። እሷም አለመከልከላቸውን ልብ አለች።

ሰኞ ጠዋት ርእሰ መምህሩ ለሦስቱም ወረቀት ሰጧቸው። ከሐረር ተዛውረው የመጡ፣ ጡረታቸው የተቃረበ ሰው ናቸው። ደሳለኝ አራት መስመር ጽፎ ፈረመ። ሙሉሐብት ካርታውን የሳልኩት እኔ ነኝ ብሎ ጻፈ። ዘምዘም የወረቀቷን ፊት ሞልታ ጀርባውን ገለበጠች። ጨዋታውን እንዴት እንደሚጫወቱት፣ ማን ምን እንደነበረ፣ ድልድዩን ማን እንዳስሳለው፣ ሁሉንም ጻፈች። የስሙን ነገር ብቻ ዘለለችው።

ጓድ አለሙ የዘለለችውን ልብ አሉ። «ስሙን ማን አወጣው?»

ደሳለኝ አንገቱን ደፍቷል። ዘምዘም ወደ እሱ ልትዞር ብላ ተወችው። «ደብተሩ የእኔ ነው» አለች። «የጻፍኩትም እኔ ነኝ።»

ርእሰ መምህሩ ወረቀቱን ሁለቴ አንብበው፣ ይህ እሳት የሚሉት ነገር በውጊያ ላይ እንዴት እንደሚሠራ እንድታሳያቸው ጠየቋት። የቢሮውን ማኅተም አለቃው፣ የእስክሪብቶውን ክዳን ደሳለኝ አደረገችና የአርቡን ውጊያ ጠረጴዛው ላይ ደገመችው። ስትጀምር ድምፇ ይቆራረጥ ነበር፤ እየቆየች ግን ሰዎቹን ረስታ ውጊያውን ብቻ ማየት ጀመረች።

«አምስት ነጥብ ብቻ ከቀረው አለቃውን ለምን አልመታሽውም?» አሉ ርእሰ መምህሩ።

«ቢስት ጓደኛዬ ይሞታል። እሱ ከተሻገረ ግን የሚቀረው የእኔ ነፍስ ነው። በራሴ ነፍስ መወሰን እችላለሁ።»

ጓድ አለሙ የልጅ ጨዋታ ለሴራ መሸፈኛ ሲሆን ይህ የመጀመሪያው አይደለም አሉ። ዘምዘም ወደ እሳቸው ዞረች።

«ጓድ መምህር፣ ጥፋት ከሆነ የሦስታችን ጥፋት ነው። ሙሉሐብት ወደ አውራጃ የሚሄድ ከሆነ እኔም እሄዳለሁ። ወረቀቴ ላይ ጽፌዋለሁ፤ እኔን ትታችሁ እሱን ብቻ ብትልኩ ወረቀቱ ሐሰት ይሆናል።»

ርእሰ መምህሩ ሁለት ሰው አጠፋን ባለበት ጉዳይ አንድ ልጅ ብቻ ወደ አውራጃ እንደማይልኩ፣ በትምህርት ቤት የጠፋ ጥፋትም በትምህርት ቤት እንደሚያልቅ ተናገሩ። ካርታው ተቀደደ። መጽሐፉ ቁም ሳጥን ውስጥ ተቆለፈበት። ደሳለኝ በነፃ ሄደ። ሙሉሐብትና ዘምዘም ከትምህርት ቤቱ በላይ ባለው ዳገት፣ ለክረምቱ ችግኝ የሚሆን ጉድጓድ አንድ ወር እንዲቆፍሩ ተፈረደባቸው።

ጓድ አለሙ ግን በዚህ አልረኩም። ዳግመኛ ለዚህ ጨዋታ ላንሰበሰብ ብለው ይፈርሙ አሉና ሌላ ወረቀት አወጡ። ሙሉሐብት በመስኮቱ እናቱን አየ፤ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ግቢው ውስጥ ቆመዋል። ፈረመ። ዘምዘም አልፈረደችበትም። ቤቱ አንድ ልጅ ከጎደለ ሁለት ዓመቱ ነው።

እስክሪብቶው ለእሷ ሲደርስ ጠረጴዛው ላይ መልሳ አስቀመጠችው።

«ጉድጓዱን እቆፍራለሁ» አለች። «ይህን ግን አልፈርምም።»

«እስክትፈርሚ ድረስ ትቆፍሪያለሽ» አሉ ጓድ አለሙ።

ግንቦት በዶማ አለቀ። መዳፏ ውኃ ቋጠረ፣ ፈነዳ፣ ጠነከረ። በሁለተኛው ሳምንት አንድ ጠዋት የዶማዋን እጀታ በወፍራም ጨርቅ ተጠቅልሎና ዙሪያው ጥብቅ ብሎ ተሰፍቶ አገኘችው፤ አባቷም ስለ እሱ አንድ ቃል አልተነፈሱም። ደሳለኝ ከሩቅ ሲያያት መንገድ ይቀይራል። ሙሉሐብት ወሩን ጨርሶ ወደ ክፍል ሲመለስ፣ ልቅርልሽ አላት። ለፈተናው አጥና ብላ ገፋችው። ጓድ አለሙ በየአርቡ ወረቀቱን ይዘው ይመጣሉ፤ በየአርቡም ባዶውን ይዘውት ይወርዳሉ።

ሰኔ ገባና ጭቃው በዛ። በመጀመሪያው አርብ አንዲት የዘጠነኛ ክፍል ልጅ ዶማ ተሸክማ ዳገቱን ወጣች። ትርንጎ ትባላለች፤ ሦስት ቀን አርፍዳ ነው የተቀጣችው። አንድ ጉድጓድ እስኪጋመስ ቆፍራ ጠጋ አለች።

«እሳት ትጠራለች ይሉሻል» አለች በሹክሹክታ። «እውነት ነው? እንዴት ነው የምትጫወቱት?»

ጓድ አለሙ አሥር እርምጃ ያህል ራቅ ብለው፣ ጃንጥላቸውን ይዘው ጉድጓድ ይቆጥራሉ። ወረቀቱ ከኪሳቸው ብቅ ብሏል። ዘምዘም ወገቧን አቃናች። አሁን አፏን ብትከፍት ሐምሌንም እዚሁ እንደምታሳልፍ ታውቃለች። ዙሪያዋን አየች፤ ዝናብ ያቆረ ጉድጓድ ብቻ ነው፣ አብዛኛውም በእሷ እጅ የተቆፈረ።

ዶማዋን መሬቱ ላይ ሰክታ እጇን በቀሚሷ ጠረገች።

«መጀመሪያ ማን መሆን እንደምትፈልጊ ንገሪኝ» አለች። ድምፇን ዝቅ አላደረገችም።

ጓድ አለሙ ቆጠራቸውን አቋርጠው ዞሩ።