ተሸፍና የተገኘችው ሐውልት

ስመ ጥሩው ቀራፂ አንሰልም ቮትሬ ሊዮን ከተማ ውስጥ ባለው የሥራ ቤቱ ወለል ላይ ተደፍቶ ተገኘ። ማጅራቱን ያደቀቀው የገዛ መዶሻው ነው። ጣቶቹ ላይ ያለው ጭቃ ገና አልደረቀም ነበር።

መርማሪ ጋርሶ ከሬሳው አጠገብ የቆሙትን ሁለት የጭቃ ምስሎች ትክ ብሎ አያቸው። የምክር ቤት አባሉ የሙሴ ባርዱ ራስ በሐምሌው ሐሩር ተራቁቶ ተሰነጣጥቋል። የእመቤታችን ሐውልት ግን ውሃ በሚያንጠባጥብ ጨርቅ ተጠቅልላለች፤ ጨርቁ አፍንጫዋን እንዳይጫን ቀጫጭን እንጨቶች ተደግፈውበታል።

በዚያ ጠዋት ሲገቡ የታዩት ሦስት ሰዎች ብቻ ነበሩ።

«አዎ፣ ተጣልተናል» አሉ ሙሴ ባርዱ። «ፊቴን የበሬ ፊት አስመሰለው። ታዲያ ለዚህ ሰው ይገደላል?»

«አባ፣ እርስዎስ?» አለ ጋርሶ።

«ሐውልቷን ለበዓላችን እንዲያደርስልን ልለምነው ነበር የመጣሁት» አሉ አባ ፉልጀንስ። «ኧረ ልጄ፣ ያን እርጥብ ጨርቅ ግለጡላት፣ ቶሎ ትድረቅ!»

የሟቹ ተማሪ ሶላንዥ ቀና ብላ አላየችውም። «ማልጄ ገብቼ ጠርጌ ወጣሁ። ሐውልቷን የሸፈንኳት ትናንት ማታ ነው።»

ጋርሶ ሦስቱንም ሰበሰባቸውና ጨርቁን ገለጠ። እግሯ ሥር «ቮት» የሚል ተጭሯል፤ ስሙ አላለቀም።

«ሟቹ የተመታው ስሙን ሲጽፍ ነው። ያኔ ሐውልቷ ተገልጣ ነበር ማለት ነው። ሬሳ ተነስቶ አይሸፍን፤ መልሶ የሸፈናት ገዳዩ ነው። ሙሴ ባርዱ የሚጨነቁት ለራሳቸው ፊት ብቻ ነው፤ ይህችን የሚሸፍኑበት ምክንያት የላቸውም። አባ ደግሞ ጭቃ በሐሩር ቶሎ ሲደርቅ እንደሚሰነጠቅ እንኳ አያውቁም። የቀረሽው አንቺ ነሽ፣ ማድሙዋዜል። በሰውየው ጨክነሽ ለጭቃው ሳሳሽ።»

ሶላንዥ ወደ ሐውልቷ ዞረች።

«እኔ ነኝ የሠራኋት» አለች። «እሷን ብቻ አይደለም፤ ዓለም ያጨበጨበለትን ሁሉ። ሌላውን ሲወስድ ቻልኩት። የእሷ ፊት ግን የሟች እናቴ ፊት ነው። ‹እባክህ እዚህ ላይ ስምህን አትጻፍ› ብዬ እግሩ ላይ ወደቅኩ። እየሳቀ ጻፈ።»

ሙሴ ባርዱ ባርኔጣቸውን አንስተው ወጡ። ጋርሶ ካቴናውን ከኪሱ አወጣ።

«እንግዲህ የማንን ስም እናኑርባት?» አሉ አባ ፉልጀንስ በተሰበረ ድምፅ።

«የሌባም የገዳይም ስም ቤተ ክርስቲያን አይግባ። ይህን ጭረት ብቻ ያጥፉልኝ» ብላ እጆቿን ለካቴናው ዘረጋች።

አባ አውራ ጣታቸውን አርጥበው ተንበረከኩ። ጋርሶ ማስረጃው ሲጠፋ እያየ አልከለከላቸውም።